ሲሞቱ የኖሩት ተዋናይ

ዩኒቨርሲቲ ጨርሼ ሥራ ባጣሁበት ዓመት ደባርቅ ላይ ለቱሪስቶች አስተረጉም ነበር። ሰው ፊት መናገር ስለሚያስፈራኝ፣ የሌላ ሰው ቃል መናገሩ ይቀለኝ ነበር።

አንድ ቀን የደረሱኝ እንግዳ ሽማግሌ እንግሊዛዊ ነበሩ። ባለበቅሎው ደሴ ገና ሲያያቸው ጮኸ።

"እኚህ ሰውዬ ሞተው የለም እንዴ! ቪዲዮ ቤት በዓይኔ አይቻለሁ፣ ሁለቴ ተገድለዋል!"

ስተረጉምላቸው ዓይናቸው እንባ አቀረረ።

"ተዋናይ ነኝ" አሉኝ። "ዕድሜዬን ሙሉ ሥራዬ መሞት ነበር። ዋናው ጀግና እንዲቆጣ እኔ መጀመሪያ እገደላለሁ። በአገሬ መንገድ ላይ አንድም ሰው አውቆኝ አያውቅም።"

ከዚያ በኋላ ተራራውን ስንወጣ ባረፍንበት ሁሉ ደሴ "አባባ፣ እስቲ አንዴ ይሙቱልን!" ይላል። እሳቸውም ደረታቸውን ይይዙና ዞር ዞር ብለው ሣሩ ላይ ይዘረራሉ። ደሴና አብሮን የሚጓዘው ጠመንጃ ያነገተ የፓርክ ጠባቂ በሳቅ ይፈርሳሉ። ሽማግሌው ሱሪያቸውን አራግፈው ይነሡና እጅ ይነሣሉ። እንደዚያ ደስ ያለው ሰው አይቼ አላውቅም።

ማደሪያችን አምባራስ ልንደርስ ስንል፣ ዳገቱ ላይ፣ ማንም ሳይጠይቃቸው ወደቁ። ሁለቱ ወንዶች አጨበጨቡ። እኔም ፈገግ ብዬ ጠበቅኩ። ሲቆዩብኝ ጠጋ ብዬ እጃቸውን ያዝኩ። የደም ሥራቸውን ምት ብፈልግ አጣሁት። ልጮህ ብል ድምፄ እምቢ አለኝ።

ደሴ ከኋላዬ ሳቁን እያፈነ፣ "ተያቸው እህቴ፣ አታበላሺባቸው" አለኝ። "ዛሬ አስረዝመውት ነው።"