ድልድዩ ጋ ቀስቅሺኝ

ከጎኔ የተቀመጡት አዛውንት የኮታቸው ክርን ጠረጴዛ ላይ ከመፋተጉ ብዛት መስታወት መስሏል። መሃል ጣታቸው ላይ እስክሪብቶ ያጠነከረው ጉብታ አለ። ጡረታ የወጣ የመንግሥት ሠራተኛ ከሩቅ ያስታውቃል። አውቶቡሱ ገና ሳይነሳ፣ «ልጄ፣ ድልድዩ ጋ ስንደርስ ቀስቅሺኝ፤ አደራ» አሉኝና አንቀላፉ።

መንገዱ ጭጋጉ ውስጥ እንደ ክር ይተረተራል። እሳቸው በእንቅልፍ ልባቸው ጉልበታቸው ላይ በጣታቸው ይፈርማሉ።

ስንደርስ ትከሻቸውን ነካ አደረግኳቸው። ባርኔጣቸውን አውልቀው ደረታቸው ላይ ያዙ፤ መስኮቱን በመዳፋቸው ወልውለው ደፍርሶ የሚያጓራውን ወንዝ ቁልቁል አዩ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል። ሐዘን መስሎኝ ድምፄን ዝቅ አድርጌ፣ «አባባ፣ እዚህ ሰው ሞቶብዎታል እንዴ?» አልኳቸው።

«ይሄ ወንዝ ድሮ በየክረምቱ ሰው ይወስድ ነበር» አሉ። «የድልድዩ ጉዳይ ዛሬ ነገ ሲባል፣ ከቢሮ ቢሮ ይዤው ስዞር ነው ፀጉሬ የሸበተው።»

«ከተሠራ ወዲህስ ማንን ወሰደ?»

አውቶቡሱ ድልድዩን ተሻገረ። ባርኔጣቸውን መልሰው ደፉ።

«ማንንም» አሉ ፈገግ ብለው። «በየክረምቱ ይሄንኑ ለማየት ነው የምመጣው።»