ከበሬው ሥር የጻፍኩት ስም

ቀጨኔ፣ ጋሽ መኩሪያ ታፔላ ቤት ሥራ የጀመርኩ ቀን ብሩሽ የሚሰጡኝ መስሎኝ ነበር። የሰጡኝ ብርጭቆ ወረቀትና ዝገት የበላው ላሜራ ነው። «እስኪለሰልስ ፈግፍጊው» አሉኝና ወንበራቸው ላይ ተቀመጡ። ማታ እናቴ እጄን አይታ «ሥዕል ልትማሪ ነው ወይስ ድስት ልትፈገፍጊ?» አለችኝ።

በዚያ ዘመን በሰፈራችን ታፔላ የምትሠራ ሴት አልነበረችም። መንገደኛ በራችን ላይ ቆሞ በቀለም ተለውሼ ሲያየኝ ጋሽ መኩሪያን «ልጅዎ ናት?» ይላል። «ሠራተኛዬ ናት» ይላሉ፤ ሰውየው ግን አያምንም።

ሥራው ደረጃ ነበረው። መጀመሪያ ላሜራ ፈግፍጎ ጸረ ዝገት መቀባት፣ ቀጥሎ መደቡን፣ ማለትም የጀርባውን ቀለም መቀባት፣ ከዚያ ፊደል መጻፍ፤ ሥዕል መጨረሻ ነው። የፊደሉ መስመር እንዳይዛነፍ ከሽሮ ሜዳ ሸማኔዎች የለመንነውን ክር ጠመኔ ቀብተን እንወጥርና ላሜራው ላይ እናስፈነጥረዋለን። ሌላም ደንብ ነበር፤ ሥዕሉን መጨረሻ ላይ በብሩሽ የነካ ሰው ከሥሩ ጥጉ ላይ ስሙን ይጽፋል። ያ ስም ሁልጊዜ «መኩሪያ» ነበር። እኔ ለዚያች ጥግ እንደቋመጥኩ ዓመታት አለፉ።

አንድ ጊዜ ጳውሎስ አካባቢ ሥጋ ቤት የከፈቱ አቶ ደምሴ የሚባሉ ሰው የውስጥ ግድግዳቸው ላይ በሬ እንዲሣልላቸው አዘዙ። ጋሽ መኩሪያን ጉልበታቸውን አሟቸው መሰላል መውጣት ስላልቻሉ እኔን ላኩኝ። አቶ ደምሴ ከእግር እስከ ራሴ አዩኝ።

«እዚያ ቤት ወንድ የለም እንዴ?»

«አሉ፤ ጉልበታቸውን አሟቸው ነው።»

«ለመሆኑ በሬ ታውቂያለሽ?»

«እርስዎ የሰቀሉትን ሳይሆን ቆሞ የሚሄደውን አውቃለሁ» አልኩ። ሳቁና መሰላሉን ያዙልኝ።

በሬውን ወደድኩት፤ ሌላ ምን ልበል። ቀንዱን አሳመርኩ፣ ሻኛውን ከፍ አደረግኩ። ዓይኑ ላይማ ሽፋሽፍት ሳይቀር ሠራሁለት። ከሥሩ «ወርቅነሽ» ብዬ ጻፍኩ። ያን ቀን ወደ ቤቴ በእግሬ የሄድኩት ታክሲ ጠፍቶ ሳይሆን ደስ ብሎኝ ነው።

ብዙም ሳይቆይ አቶ ደምሴ ታፔላ ቤታችን ድረስ መጡ። «ወርቅነሽ የምትባለው የታለች?» አሉ። «እመቤቴ፣ በሬሽ ደንበኞቼን እያየ አላስበላ አለ። ትናንት አንዱ ጥሬ ሥጋ አዞ፣ ቢላዋውን ይዞ ቀና ሲል ዓይን ለዓይን ተገጣጠሙ። ከዚያ ሽሮ አለ ወይ ብሎ ጠየቀኝ።»

ጋሽ መኩሪያ እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ። ሲበቃቸው «እንደምንም ወጥቼ ላስተካክለው?» አሉ። እሳቸው ከነኩት ስሜ ተፍቆ የሳቸው እንደሚጻፍ አውቃለሁ።

«እኔው እሄዳለሁ» አልኩ።

«ሂጂ። ካልሆነልሽ ግን መጥቼ እነካዋለሁ፤ ደንቡን ታውቂያለሽ።»

ፈራሁ። ያቺን ስም ካጣኋት ሁለተኛ የምጽፍ አልመሰለኝም።

ቤቱ በተመጋቢ ተሞልቶ ሳለ መሰላል ላይ ወጣሁ። አንዱ ከሥር «እባክሽ ዓይኑን ጨፍኚልኝና በሰላም ልብላ» ይላል። የጨፈነ በሬ የሞተ ይመስላል፤ ያ ደግሞ የባሰ ነው። ጭንቅላቱን በመደብ ቀለም ሸፈንኩት፤ ሲደርቅ ፊቱን ወደ በሩ አዙሬ እንደገና ሣልኩት። ዓይኑን አልቀነስኩበትም። አቶ ደምሴ ደጃፉ ላይ ቆመው አዩት።

«አሁን የሚያየው የሚገባውን ሰው ነው» አሉ።

«እንግዳ ይቀበልልዎታል» አልኩ።

በማግስቱ ጋሽ መኩሪያ ከዘራ ይዘው መጡ። በሬውን አዩ፤ ከዚያ ጎንበስ ብለው ጥጉን አዩ። ከኮታቸው ኪስ ቀጭን ብሩሽ ሲያወጡ ሊነኩት ነው አልኩ። ብሩሹን ለእኔ ሰጡኝ።

«የስምሽ መጨረሻ ፊደል ቀለሙ ሳስቷል፤ ድገሚው» አሉና ጥሬ ሥጋ አዘዙ።

ከዚያ ወዲህ ሊያዝም ሊቆጣም የመጣ ሁሉ የሚጠይቀው እኔን ነው። ዛሬ ባነር በማሽን ይታተማል፤ የማን ሥራ እንደሆነ አይታወቅም። ለእናንተ ለወጣቶቹ የምለው ይህን ብቻ ነው፤ ሥራችሁ ላይ ስማችሁን ጻፉ። ቅር ያለው ሰው የት እንደሚያገኛችሁ ይወቅ።