የዘፋኙ ፀጉር

ፀጉር አስተካካዩን የሰፈሩ ሰው «መርማሪው» ይለዋል። ያለ ነገር አይደለም፤ ሰውዬው ጥላውን አያምንም። ሚስቱ ዳቦ ልትገዛ ወጥታ ትንሽ ከቆየች «ዱቄቱንም ራስሽ ነሽ የፈጨሽው?» ብሎ ይቀበላታል። ደንበኛ «አሞኝ ነው የጠፋሁት» ካለው ደግሞ ምላጩን አንገቱ ላይ አሳርፎ «ምንህን?» ይላል። ምላጭ ሥር ሆኖ የሚዋሽ እንግዲህ ጀግና ነው።

ታዲያ እንዲህ ያለ ሰው፣ የአሥራ አራት ዓመት ልጁ ቅዳሜ ጠዋት ሳትጠራ ፀጉር ቤቱ መጥታ መጥረጊያ ስታነሳ ምን ይበል? ቤት ውስጥ ሰሃን አንሺ ሲሏት ወገቤን የምትል ልጅ! ግድግዳዋ ላይ ከለጠፈችው ዘፋኝ በቀር ሰው ያለ የማይመስላት ልጅ! «ነገር አለ» አለ በልቡ።

መጀመሪያ የጠረጠረው በየቅዳሜው የሚመጣውን ባለ ጥቅልል ፀጉር ጎረምሳ ነው። እሱ ወንበሩ ላይ ሲቀመጥ ልጅቱ ከሥሩ አትጠፋም። መርማሪው በመስታወት ሁለቱን ሲጠብቅ የጎረምሳው ጆሮ ከመቆረጥ ለጥቂት ተረፈ። ጎረምሳው ግን ቀና ብሎም አላያት። እሷም የምታየው መሬት የወደቀውን ፀጉር ነው።

በሦስተኛው ቅዳሜ ውሃ ልትቀዳ ስትወጣ ቦርሳዋን ከፈተው። በደብተር ወረቀት የተጠቀለሉ ትንንሽ ጥቅልሎች፣ በያንዳንዱ ላይ የሴት ልጅ ስም፣ ውስጡ ፀጉር! ክው አለ።

«ጉዴ ፈላ! ልጄ መተት ጀመረች!»

ልጅቱ ከነውሃው በር ላይ ደርቃ ቀረች። «ስሞትልህ አባዬ፣ አትቆጣኝ» ብላ እያለቀሰች ዘረገፈችው። ክፍሏ ያሉት ሴቶች የዘፋኙ አድናቂዎች ማኅበር አላቸው። ሁለት ዓመት ሙሉ አላስጠጓትም። ኮንሰርት አትገባ፣ ፎቶው ያለበት ቲሸርት የላት፣ ምን ይዛ ትቅረብ? በእረፍት ሰዓት ብቻዋን ግድግዳ ተደግፋ ነበር የምትቆመው። አንድ ቀን «ፀጉሩን የሚቆርጠው እኮ አባቴ ነው» የሚል ውሸት አመለጣት። ያን ቀን መሃላቸው አስቀመጧት። ከዚያ ፀጉሩን አምጪልን አሏት፤ የጎረምሳው ፀጉር ደግሞ ቁርጥ የዘፋኙን ይመስላል።

«አሁን ራስህን ሊጠይቁህ እየመጡ ነው» አለች። «አይደለም ካልክ ከሰኞ ጀምሮ ብቻዬን ነኝ።»

ሊጮህባት አፉን ሲከፍት ልጃገረዶቹ በሩን ሞሉት። የዘፋኙን ፊት ደረቷ ላይ ያደረገችው ቀደመች። «ጋሼ፣ እውነት እርስዎ ነዎት የሚቆርጡት?»

ልጁን አያት። የውሃውን ባልዲ በሁለት እጇ ጨምድዳ ይዛለች።

«ሰው እንዳይሰማ» አለ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «በጓሮ በር ነው የሚገባው። ከጆሮው ኋላ ትንሽ ጠባሳ አለችው፤ በልጅነቱ ከአጥር ወድቆ ነው። እሷን ሸፍንልኝ ይለኛል። ማሽኑ አንገቱን ሲነካው ደግሞ ይኮረኩረዋል፤ እንደ ሕፃን ነው የሚስቀው።»

አቤት ጩኸት! አንዷ ወንበሩን ሳመችው። ሌላዋ ልጅቱ አንገት ላይ ተጠመጠመች፣ «ሰኞ አጠገቤ ነሽ!» እያለች። ተንጫጭተው ሲወጡ መርማሪው ደረቱን ነፍቶ ወደ ልጁ ዞረ፤ ሮጣ የምታቅፈው መስሎት።

ልጅቱ ከቆመችበት አልተነቃነቀችም። እንባዋ ደርቋል።

«ጠባሳውን አሁን ነው ያሰብከው?»

«ታዲያ መቼ ላስበው?» አለ እየሳቀ።

«አንዴም እንኳ አልተደናቀፍክም።» ባልዲውን መሬት አስቀመጠች። «አባዬ፣ ስታመሽ ለእማዬ ሥራ በዝቶብኝ ነው የምትላት…»

ሳቁ ፊቱ ላይ ቀረ። የሚያመሸው እኮ ለሥራ ነው፤ ሌላ ምንም የለውም። ይህንኑ ሊነግራት ሲጀምር ድምፁ ልክ ቅድም ለልጃገረዶቹ እንዳወራው ሆኖ ወጣ፤ ለራሱ ጆሮም ቀፈፈው።

«እውነቴን ነው፣ ልጄ» አለ።

«እሺ» አለችው፣ ቀና ብላ ሳታየው።