ሁለት ዩኒፎርም ለአንድ ገላ

እናትና አባቴ ከተለያዩ በኋላ ፊት ለፊት ቆመው እንኳ የሚነጋገሩት በእኔ በኩል ነበር። እናቴ ኮልፌ ገበያ ቅመም ትሸጣለች፤ አባቴ ወደ አስኮ በሚወስደው መንገድ፣ ፌርማታው አጠገብ፣ ልብስ ይሰፋል። የእድሩ ዳኛ ሸምግለው ባቆሙት ስምምነት አዳሬና ጠዋቴ የእናቴ ነው፤ ከምሳ እስከ አሥራ አንድ ሰዓት የአባቴ። እሱ «ልጅቷ እያሳላት ነው፣ ደርባ እንድትለብስ አድርጊ በያት» ይለኛል። እሷ ሁለት ክንድ ርቀት ላይ ቆማ «ልብስ ሰፊው እሱ አይደል እንዴ በዪው» ትላለች። እኔ አንዴ ወደ እሱ፣ አንዴ ወደ እሷ ዞር እያልኩ እደግመዋለሁ። እውነቱን ለመናገር ሥራዬን እወደው ነበር።

ጣጣው የመጣው ለትምህርት ስደርስ ነው። እናቴ ሰማያዊ ዩኒፎርም የሚያስለብስ፣ እንግሊዝኛ ከመጀመሪያው የሚያስተምር የግል ትምህርት ቤት አማራት። አባቴ «የመንግሥቱ ምን አነሰው?» ባይ ነው። ጉሮሮዬ እስኪደርቅ ካመላለስኳቸው በኋላ እናቴ አንድ ሰኞ ጠዋት ይዛኝ ሄደችና አስመዘገበችኝ። ቀኝ እጄን በአናቴ አሳልፌ ግራ ጆሮዬን እንድነካ ታዘዝኩ፤ ያኔ ለትምህርት መድረሳችን የሚለካው እንደዚያ ነው። ጣቴ ለጥቂት ሳተው። እናቴ ቀስ ብላ አንገቴን ዘንበል አደረገችልኝና ተማሪ ሆንኩ።

«አስገብቻታለሁ፣ አለቀ በዪው» አለችኝ ስንወጣ። «እኔ ሳላውቅ ሌላ ቦታ ቢያስመዘግባት ግን ዳግመኛ በዓይኑ አያያትም በዪው።»

ይህን ይዤ ሱቁ ስደርስ አባቴ አዲስ ካኪ ዩኒፎርም እየተኮሰ ነው። በማግስቱ የመንግሥቱ ትምህርት ቤት፣ የከሰዓት ፈረቃ ሊያስገባኝ ነው። ወደ ላይ አንሥቶ አሳየኝና «ያምራል?» አለኝ። እንደዚያ ደስ ብሎት አይቼው አላውቅም። ያምራል አልኩና የእናቴን መልእክት ዋጥኩት። ብናገር እልህ ይይዘውና አባቴን አጣለሁ፤ ዝም ብል ግን የሚመጣብኝ ነገር ቢኖር አንድ ተጨማሪ ትምህርት ቤት ነው። በማግስቱ ጆሮዬን ያለማንም እርዳታ ነካሁት።

እንዲህ ሆነና ጠዋትም ከሰዓትም አንደኛ ክፍል ገባሁ። ካኪው «ታድግበታለች» ተብሎ የተሰፋ ስለሆነ እንደ እኔ ያለ ሌላ ሰው ያስገባል። ቀትር ላይ አባቴ ሱቅ ከመድረሴ በፊት ከሰማያዊው በላይ እደርበዋለሁ፤ ማታ እናቴ ቤት ከመድረሴ በፊት አውልቄ ቦርሳዬ ውስጥ እጠቀጥቀዋለሁ። ጠዋት የተማርኩትን ቁጥር ከሰዓት ስለሚደግሙልኝ መምህሩ ጥያቄውን ሳይጨርስ እመልሳለሁ። «ይህቺ ልጅ ከእናቷ ሆድ ተምራ ነው የወጣችው» ይል ነበር። መንገዱን ሁሉ ብቻዬን እየሳቅሁ ነበር የምሄደው።

ያጋለጠኝ ውፍረቴ ነው። አባቴ ሁለት ልብስ ደራርቤ ሲያየኝ ሆዴን መታ መታ አድርጎ «ልጄን አወፈርሽልኝ፣ እግዜር ይስጥልኝ በያት» አለ። አደረስኩ። እናቴ ቀጫጫ ክንዴን ይዛ ትክ ብላ አየችኝ። «ጭራሽ ያላግጥብኛል! ምሳዋን የምትበላው እሱ ጋ አይደል? አጥንቷ ወጥቷል በዪው።» ያንንም አደረስኩ። አባቴ ድቡልቡል ሆዴን እያየ ሴትዮዋ ዓይኗን ታማለች አለ። አንድ ሳምንት እንዲህ ተሰዳደቡ፤ እኔም አንዲት ቃል ሳላጎድል አመላለስኩ። በመጨረሻ እናቴ የእድሩን ዳኛ ይዛ አባቴ ሱቅ ድረስ መጣች።

ከትምህርት ስመለስ ሦስቱም ተቀምጠዋል። እናቴ ካኪውን አየችና ፊቷ ተለዋወጠ። አፏን ሳትከፍት ሽማግሌው ዳኛ «ነይ እስቲ፣ ወፍራሟ» ብለው ጎኔን ቆነጠጡ። እጃቸው የያዘው ጨርቅ ነው። ገረማቸውና የላይኛውን ቁልፍ ሲፈቱት ሰማያዊው አንገትጌ ብቅ አለ። አሁን ደግሞ ዓይኑን ያፈጠጠው አባቴ ነው።

አለቀስኩ። ሁለት ወር ሙሉ የዋጥኩትን መልእክት እያለቃቀስኩ አወጣሁት፦ «ሌላ ቦታ ካስመዘገብካት በዓይንህ አታያትም ብላሃለች።» ከዚያ የእናቴን አፍ ማየት ጀመርኩ። አባቴም የሚያየው እሱኑ ነው። እናቴ የነጠላዋን ጫፍ አፏ ላይ አደረገች፤ ትከሻዋ ተንቀጠቀጠ። የምታለቅስ መስሎኝ ነበር፤ እየሳቀች ነው። አባቴም ወንበሩን ደግፎ ሳቀ። ሽማግሌው ግን ኮስተር ብለው፣ በሁለት ትምህርት ቤት ልጅቷን ልትገድሏት ነው፣ አንዱን ምረጡ አሉ።

አባቴ ወደ እኔ ዞሮ «በያት…» ብሎ ጀመረና ተወው። እናቴ የካኪዬን ጎን በሁለት ጣቷ ያዝ አድርጋ፣ እኔን ሳይሆን እሱን እያየች «እንግዲህ አጥብብላት፤ ሰፍቷታል» አለች።

ልደግምለት አፌን ከፍቼ ነበር። አባቴ ግን መርፌውን አንሥቷል።