በየሰዓቱ የሚጠፋው ሰርቨር

የኮሌጁ ሪከርድ ክፍል ኃላፊ ሰርቨራቸውን የሚያዩት እንደ ልጃቸው ነው፤ ልጅ ቢሆን ኖሮማ ይሄኔ ጢም ባበቀለ ነበር። በዓመት አንዴ ክዳኑን ከፍተው፣ የሚነቀለውን ሁሉ ነቅለው አቧራውን በብሩሽ ያራግፉለታል። ማንንም አያስነኩም።

ዘንድሮ ባጸዱት ማግስት ግን ጉድ ፈላ። ሰርቨሩ «ላይሰንሱ አክቲቬት አልሆነም»፣ ማለትም የመጠቀሚያ ፈቃዱ አልጸደቀም ብሎ፣ በተነሣ ልክ በአንድ ሰዓቱ ራሱን አጠፋ። ቢያስነሡት ያው ነው። በር ላይ ደግሞ አንዲት የቀድሞ ተማሪ ቆማለች። በነርስነት ሊቀጥራት የፈቀደው ሆስፒታል የውጤት ማስረጃዋን እስከ ስድስት ሰዓት ካላየ ቦታዋን ለሌላ ይሰጥባታል፤ ውጤቷ ያለው እዚያው ሰርቨር ውስጥ ነው።

ኃላፊው ወደ አምራቹ ደወሉ። ሰው ሳይሆን ማሽን አነሣ፤ ፈቃዱን ለማጽደቅ ሃምሳ አራት አሃዝ ያለው ቁጥር እንዲያነቡ አዘዛቸው። አነበቡ፤ አይሆንም አላቸው። መነጽራቸውን ጠርገው ደግመው አነበቡ፤ አሁንም አይሆንም። መያዣ መጨበጫው ጠፋቸው። ትናንት በገዛ እጃቸው ያጸዱት ዕቃ ስለሆነ ጥፋቱ የእሱ እንዳልሆነ፣ ባሕር ማዶ ያሉት ሰዎች ተንኮል እንደሆነ ለልጅቷ አስረዷት። እሷ ሰዓቷን ታያለች።

«ጋሼ፣ ከመጥፋቱ በፊት ቶሎ ብለን ብናትመውስ?» አለቻቸው።

ሁለት ሰዓት ሙሉ ይህ አልታያቸውም ነበር። አስነሥተው አተሙላት። ተቀብላ አነበበችና መልሳ ዘረጋችላቸው።

«ምነው ልጄ?»

«የተሰጠበት ቀን ከአሥራ ሰባት ዓመት በፊት ይላል። ያኔ እኮ አንደኛ ክፍል ነበርኩ።»

ኃላፊው ወረቀቱን አገላብጠው አዩት። ቀስ እያለ ገባቸው። ትናንት ሲያጸዱ ሳንቲም የምታህለውን ባትሪ ነቅለው መልሰው ነበር። ያረጀችው ባትሪ ቀኑን መያዝ አቅቷት ሰርቨሩ ወደ ተሠራበት ዘመን ተመልሷል፤ አክቲቬሽኑም እምቢ ያለው ቀኑ ስላልገጠመለት ነው። ቀኑን አስተካክለው ሞከሩት፤ ያለ አንዳች ክርክር ተቀበለ። ሌላ አትመው ማኅተም መቱበት። ለስድስት ሃያ ጉዳይ ነው።

«እርስዎ ባይኖሩ ኖሮ ዛሬ አልቆልኝ ነበር» አለቻቸውና እጃቸውን ጨብጣ ሮጠች።

እሳቸው ባይኖሩ ኖሮ ወረቀቷን በጠዋት ይዛ በሄደች ነበር። ይህንኑ ሊነግሯት አፋቸውን ሲከፍቱ እሷ ደረጃውን ጨርሳለች። አፈሩ። ብሩሹን ከኪሳቸው አውጥተው መሳቢያ ውስጥ ቆለፉበት።