ጉንጉን ያጠለቀው ፎቶ

ዲቫካራን በትሪሹር ከተማ በሚገኘው ኮሌጃችን ሃያ ሁለት ዓመት ኬሚስትሪ ሲያስተምር በሰባት ፊልሞች ላይ ታይቷል። መታየት ብቻ ነው፤ አንድም ቃል አልተናገረም። በሁለቱ ራሱን ነቅንቆ የሚወጣ ሐኪም ነበር። በአምስቱ ደግሞ ግድግዳ ላይ የተሰቀለ የሟች አባት ፎቶ። እኛ ዘንድ ፎቶው ላይ የአበባ ጉንጉን የሚደረግለት የሞተ ሰው ብቻ ስለሆነ ሚስቱ ራማኒ በንዴት ትንገበገብ ነበር።

"ባሌን በቁሙ ቀበሩት! አንቺስ ጓደኛው ሆነሽ ዝም ትያለሽ?" ትለኛለች።

ምን ልበል? አንድ ላቦራቶሪ ውስጥ የምናስተምር ነን እንጂ እናቱ አይደለሁም።

በዚያ ክረምት ግን የሚናገር አባት እንዲሆን ጠሩት። ሁለት ዓረፍተ ነገር። የቀረጻው ቀን እሱ ራሱ ከሚፈትነው የላቦራቶሪ ፈተና ጋር ገጠመ። ዲኑ ኩሪያኮስ ደግሞ "አንዴ ደግመህ ለቀረጻ ብለህ ከሥራ ብትቀር ትሰናበታለህ" ብሎ በደብዳቤ አስጠንቅቆታል።

"እህቴ፣ ፈተናውን እስከ ስድስት ሰዓት ብቻ ያዢልኝ" አለኝ።

"ሥራህን ብታጣስ?"

"አምሳ አንድ ዓመቴ ነው። ከእንግዲህ ማን ይጠራኛል? አንድ ቀን እንኳ ድምፄን ይስሙት።" ዓይኑ እንባ አቀረረ።

አልጨከንኩበትም። ጠዋት ለዲኑ "ትኩሳት ይዞት ተኝቷል" ብዬ ፈተናውን ያዝኩለት። ምነው ምላሴን በቆረጠው! ኩሪያኮስ ክፉ ሰው ቢሆን ተቆጥቶ ይተወው ነበር። ደግ ሆነና ሦስት እሸት ኮኮናት አንጠልጥሎ በሽተኛ ሊጠይቅ ቤቱ ሄደ። ራማኒ በሩን ከፍታ "ኮሌጅ ነው እኮ ያለው" አለችው።

ፊልሙ በሚቀረጽበት በኦታፓላም ደግሞ ዝናቡ አላባራ ብሎ ቀረጻው እስከ አሥር ሰዓት ተጓተተ። አመሻሽ ላይ ዲቫካራን ዝናብ የመታው ዶሮ መስሎ ደጄ ላይ ቆመ።

"ተናገርኩ! 'ሂጂ ልጄ። በሩን እኔ እዘጋዋለሁ' አልኩ። ካሜራ ያዡ ሳይቀር አለቀሰ!"

ዲኑ "ስጪው" ያለኝን የስንብት ደብዳቤ ሰጠሁት። አንብቦ፣ አጣጥፎ ኪሱ ከተተው።

"ፊልሙ ሲወጣ ይገባቸዋል" አለ።

ስምንት ወር ሥራ ፈትቶ ጠበቀ። በየሳምንቱ መጥቶ ሁለቱን ዓረፍተ ነገሮች ይልልኛል፤ እኔም በጥፋቴ እየተቃጠልኩ እሰማዋለሁ። ፊልሙ በወጣ ቀን ከራማኒ ጋር ሦስታችን ሲኒማ ቤት ገባን። ከኋላችን የድሮ ተማሪዎቹ ተደርድረዋል። ገና ሲጀምር አንድ ሳሎን ታየ፤ ግድግዳው ላይ ዲቫካራን፣ ጉንጉን አጥልቆ። ተማሪዎቹ "መምህራችን!" እያሉ አፏጩ። ልጅቷ ወደ ፎቶው ቀና ብላ "አባቴ ከሞተ ዓመት ሆነው" አለች። ንግግሩን ቆርጠው ጥለው፣ አባትየውን ከመነሻው ገድለውታል።

ራማኒ በጉንጉኑ እንኳ አልተቆጣችም።

"የምትናገረው የት ላይ ነው?" አለችው በሹክሹክታ።

"ቆዪ፣ ይመጣል።"

ፊልሙ አለቀ፣ መብራት በራ፣ ተማሪዎቹ አንገታቸውን ደፍተው ወጡ። ራማኒ እጁን ይዛ ሳበችው፤ አልተነሳም። ጠራጊዋ መጥታ እግራችንን እንድናነሳላት ጠየቀችን። ዓይኑን ከነጩ መጋረጃ ሳይነቅል እግሩን አነሳላት።

"ቆዪ" አለ። "ይመጣል።"