የሻምበል ባሻው ቀኝ ትከሻ

ውድነህ የወታደር ኮቱን ከፌስታል አውጥቶ ስፌት መኪናው ላይ ሲዘረጋው ነዕማ መጀመሪያ ያየችው ሦስተኛውን ቁልፍ ነው። እሷ ራሷ የተከለችው ቁልፍ ነበር። አሶሳ ገበያ ውስጥ ቁልፍ ሲተክል ክሩን ከሥር ጠምጥሞ የሚቋጭ ከእሷ ሌላ ሰፊ የለም።

"ይሄን ከጎንና ከትከሻው አጥብቢልን" አለ ውድነህ። ከተማው ጀግኖቹን የሚያስብበት በዓል ኮሚቴ አስተባባሪ ነው። "ሱሪውን ደግሞ ልቀቂው። የሚለብሰው ልጅ ቀጭንና ረጅም ነው።"

"የሚለብሰው ልጅ?"

"የሻምበል ባሻን ታሪክ በመድረክ ልናቀርብ ነዋ! ቴሌቪዥንም ይመጣል።"

"ባሌ መሆኑን ታውቃለህ አይደል?"

"አውቃለሁ እንጂ! ለዚህ እኮ ነው አንቺ ጋ ያመጣሁት። ትናንት ቤት ሄጄ ስጠይቃቸው በደስታ ነው የሰጡኝ፣ ሜዳዩንም ጭምር።"

"እሱ ራሱ ለብሶት ቢቆምስ?"

ውድነህ ድምፁን ዝቅ አደረገ። "እትዬ ነዕማ፣ እውነቱን ልንገርሽ። እግራቸው ያነክሳል። አማርኛቸውም ያው ነው። ከማዶ መምጣታቸውም ጥያቄ ያስነሳል፤ 'የአሶሳ ልጅ' ብለን አሳጥረነዋል።"

ነዕማ ኮቱን አጥፋ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠችና እስኪሄድ ጠበቀች። 

አሳጥረነዋል! የሰው ሕይወት እንደ ሱሪ ጫፍ!

ባሏ አልፋዲል የተወለደው ከኩርሙክ ማዶ፣ ሱዳን ውስጥ ነው። ገና ልጅ ሳለ ጦርነት መንደራቸውን ሲያቃጥለው እናቱ ታናሽ እህቱን አዝላ፣ እሱን የሰሊጥ ከረጢት አሸክማ ድንበሩን ተሻገረች። ወዲህም ያለው ሰው እንደሱ ቤርታ፣ ቋንቋውም ቤርታ ነው። ቢሆንም መጠለያው ውስጥ "ስደተኛው"፣ ገበያ ሲወጣ "ሱዳኒው" እየተባለ አደገ። በ1990 ከኤርትራ ጋር ጦርነት ሲነሳ ኢትዮጵያ በኩል ኩርሙክ ያለው አጎቱ "የወንድሜ ልጅ ነው፣ ዋሱ እኔ ነኝ" ብሎ ውትድርና አስገባው።

የተመደበው መገናኛ ክፍል ነው። የስልክ ገመድ ጥቅል በቀኝ ትከሻው ተሸክሞ ከምሽግ ምሽግ ይዘረጋል። መድፍ ሲበጥሰው በሆዱ እየተሳበ ሄዶ ይቀጥለዋል። ቀጥሎ ሲጨርስ በስልኩ የሚናገረው ሁልጊዜ አንድ ነው፤ "መስመር ደህና ነው።" አንድ ቀን ገመዱ ደጋግሞ ተበጠሰ። ቡሴ የሚባል ጓደኛው አጠገቡ ወደቀ። አልፋዲል ግራ እግሩን ፍንጣሪ በልቶት፣ የገመዱን ጫፎች በጥርሱ ልጦ አገናኘ። ሜዳዩ የዚያ ቀን ነው። ከዚያም በኋላ ከሠራዊቱ አልወጣም። ስንቱን ወጣት ገመድ መዘርጋት አስተማረ፤ ለሰላም ማስከበር ሱዳን ድንበር ላይ ወዳለችው አብዬ ሲዘምት ደግሞ በዓረብኛው ለሻለቃው በሙሉ አስተረጎመ። ጡረታ ሲወጣ አሶሳ ዳር ማንጎ ተከለ።

ነዕማም ብትሆን በሰፈራ የመጡ የወሎ ሰዎች ልጅ ናት። "መጤ" የሚለውን ቃል ከእናቷ ጡት ጋር ነው የጠባችው። እስከ ዛሬ ግን እንዲህ አንገብግቧት አያውቅም። መድፍ እየጮኸ በስልክ ለአዛዥ ሁሉ የገባው አማርኛ አሁን በማይክራፎን አይገባም ተባለ?

ከሰዓት በኋላ ሁንዴ የሚባለው ተዋናይ ሊለካ መጣ። ጢሙን ያሳደገ፣ ሰው አክባሪ ወጣት ነው። ነዕማ ሜትሯን ደረቱ ላይ ስትጠመጥም እጁን እንደ መስቀል ዘረጋላት።

"እትዬ፣ ሰውየውን ያውቋቸው ነበር?"

"ነበር ምን ያመጣዋል?"

"አይ፣ ነፍሳቸውን ይማርና..."

ሜትሩ ከእጇ ወደቀ። "ማነው የሞተው?"

"ሻምበል ባሻ ናቸዋ። መጨረሻ ላይ እኮ እሞታለሁ። ገመዱን እንደቀጠልኩ ጥይት ይመታኛል፣ እወድቃለሁ፣ ዋሽንት ይነፋል።"

"እኔ ደግሞ ባለቤቱ ነኝ። እሱም አሁን ማንጎ ውኃ እያጠጣ ነው።"

ሁንዴ የተዘረጋ እጁን ሳያወርድ ፈዞ ቀረ። "ወይኔ ጉዴ! ሳምንቱን ሙሉ ሞቼላቸዋለሁ እኮ!"

ነዕማ እዚያው ስልኳን አንስታ ለውድነህ ደወለች። ያፍራል ብላ ነበር፤ እሱ ግን ሊያስረዳት ሞከረ። "ሕዝቡ እንዲያለቅስ ነው እትዬ። በሕይወት ያለ ጀግና ለመጨረሻው ትዕይንት ያስቸግራል።"

ቤት ስትገባ አልፋዲል ውኃ ማጠጫውን አስቀምጦ ፊቷን አየ።

"ያ ነዕማ፣ አንቺ ለምን ተቆጣ?"

"ልብስህን ለምን ሰጠህ?"

"ጠየቁ፣ ሰጠሁ። ልብስ ነው።"

"አዛዥህ መሰለህ እንዴ? ገድለውሃል እኮ! መድረክ ላይ ትሞታለህ።"

አልፋዲል ከት ብሎ ሳቀ። "ማሻአላህ! ጀነት አስገቡኝ?"

"ዋሽንትም ይነፉልሃል። ገመዱን ቀጥለህ በጥይት ትወድቃለህ።"

ሳቁ ድንገት ቆመ። ማንጎው ሥር ቁጭ አለና እጁን ግራ ጭኑ ላይ አሳረፈ።

"የወደቀው ቡሴ ነው" አለ። "ቡሴ ሞተ፣ እኔ ገመድ ቀጠለ። አሁን የሱን ሞት ለኔ ሰጡ? ቡሴስ ምን ቀረው? ይሄ ሌብነት ነው!"

በትዳር ዘመናቸው ሁሉ እንዲህ ሲቆጣ አላየችውም። "ኸላስ፣ በቃ" አለች በሱው ቃል። "ተነስና ቀጥ ብለህ ቁም።"

በሜትር ለካችው። ቀኝ ትከሻው፣ ያ የገመድ ጥቅል ያዘነበለው፣ ከግራው ሁለት ጣት ይወርዳል። ግራ እግሩ አጥሯል። ሆዱም የሻምበል ባሻነቱን ዘመን አልፎ ሄዷል። ነዕማ ከሱቅ ይዛው የመጣችውን ኮት ጎን በምላጭ ተርትራ እጥፋቱን እስከ መጨረሻው ለቀቀችው። በቀኝ በኩል የትከሻውን ሙሊት ጥጥ አወጣች፣ ገበሩን አስተካከለች፣ የግራውን ሱሪ ጫፍ ወደ ላይ አጠፈች። በካውያ ስትጨርሰው ኮቱ ጠረጴዛው ላይ እንኳ ያነከሰ ይመስል ነበር።

በበዓሉ ጠዋት ውድነህ ሁንዴን አስከትሎ፣ ባጃጅ በር ላይ አቁሞ መጣ። አልፋዲል ኮቱን ለብሶ የነዕማ ሱቅ ውስጥ ቆሟል።

"ቶሎ ይውለቅ፣ ሰዓት ደርሷል!"

አልፋዲል አንዴ አየውና አውልቆ ለሁንዴ ሰጠው። ሁንዴ ለበሰው። ቀኝ ትከሻው ተንጋደደ፣ ጎኑ እንደ ድንኳን ተንጠለጠለ፣ ሜዳዩ ወደ ብብቱ ዞረ።

"ምን አድርገሽው ነው?" ጮኸ ውድነህ።

"ልክ አድርጌው።"

"ለማን ነው ልኩ?"

"ለባለቤቱ። ቀጥ ያለ ትከሻ ላይ አይሆንም፤ ከፈለግህ ሄደህ ሌላ አሰፋ።"

ሁንዴ ኮቱን አወለቀና በሁለት እጁ ይዞ አልፋዲልን አለበሰው። "እኔ ቆሞ ያለን ሰው ሆኜ አልሞትም" አለ።

ውድነህ ሰዓቱን አየ፣ ባጃጁን አየ። "እሺ! እሳቸው ይውጡ። ግን አይናገሩም። አንባቢው እኔ ነኝ። ተኩሱ ሲሰማ መውደቅ ብቻ ነው፣ ሻምበል ባሻ፤ ይችላሉ አይደል?"

አልፋዲል ባጃጁ ውስጥ ገባ።

ሜዳው በሰው ሞልቷል። ነዕማና ሁንዴ ከፊት ተቀመጡ። ውድነህ ስለ "አሶሳው ልጅ" በሚያምር አማርኛ አነበበ። አልፋዲል እያነከሰ ወጥቶ፣ ተንበርክኮ የመድረኩን ገመድ ጫፍ ከጫፍ ቋጠረ። ሌላ ተዋናይ ቢሆን አስመስሎ ያልፈው ነበር፤ እሱ ግን ጎትቶ ጥንካሬውን ፈተሸ። ከዚያ ተነሳ። ከድምፅ ማጉያው ተኩስ ጮኸ።

አልፋዲል አልወደቀም።

የድምፅ ባለሙያው ተኩሱ ያልተሰማ መስሎት ደገመው። ዋሽንቱም ጀመረ። ውድነህ ከወረቀቱ ቀና ሳይል ማንበቡን ቀጠለ፤ "በዚህች ቅጽበት ጀግናችን ተሰዋ..."

"ቆሟል እኮ!" ነዕማ ከመቀመጫዋ ተነስታ ጮኸች። "ዓይን የለህም? ቆሟል!"

ሕዝቡ አጉረመረመ። አንዱ ሳቀ፣ ሌላው "ዝም በሉ፣ ይናገር!" አለ። ዋሽንት ነፊው ግራ ገብቶት ተወው። አልፋዲል ለትዕይንቱ መድረክ ላይ የተቀመጠውን ስልክ አነሳ። ማይክራፎን ስላልሰጡት ምሽግ ውስጥ እንደለመደው ጉሮሮውን ከፍቶ ጮኸ።

"እኔ አልፋዲል ነኝ። ከኩርሙክ ማዶ መጣሁ። የሞተው ቡሴ ነው! ስሙን ጥሩ! መስመር ደህና ነው።"

ስልኩን ቦታው መልሶ ሰላምታ ሰጠ። የውድነህ ፊት ቀልቷል። ነዕማ አሁንም ንዴቷ አልበረደም፤ ጥርሷን እያፋጨች የባሏን ኮት ትከሻ በዓይኗ ፈተሸች። አንዲት መጨማደድ እንኳ አልነበረበትም።